ኬሚስትሪ ለከበዳችሁ፦ የኮተቤውን ጋሼን ልጠቁማችሁ

ሰላም ወገኖች። ምስጋናም ጥቆማም ነው፤ ትንሽ ስለሚረዝም ታገሱኝ።

የምሠራው ውሃ የሚመረመርበት ላቦራቶሪ ውስጥ ነው፤ ቀን ሥራ፣ ማታ ትምህርት። ባለፈው ክረምት የአልካሊኒቲ (ውሃው አሲድን የመቋቋም አቅሙ) መለኪያው አሲድ አለቀና አዲስ በጠበጥኩ። የሚያስፈልገው 0.02 ኖርማል ሰልፈሪክ አሲድ ነበር። ሞላር በሊትር ያለውን የአሲዱን ሞል ይቆጥራል፣ ኖርማል ደግሞ አሲዱ የሚሰጠውን የሃይድሮጂን ሞል፤ ሰልፈሪክ ሁለት ስለሚሰጥ ኖርማሉ የሞላሩ እጥፍ ነው። እኔ ግን ኖርማሉን እንደ ሞላር ቆጥሬ፣ በሊትር 0.98 ግራም መግባት የነበረበትን 1.96 አስገባሁት። በአሮጌው አሲድ 12 ሚሊ ሊትር ይፈጅ የነበረው ናሙና በአዲሱ በ6 ቀለሙን ቀየረ። 120 ይወጣ የነበረው ውጤት 60 ሆነ። ጥፋቱን ውሃው የተቀዳበት ጉድጓድ ላይ ስፈልግ ሁለት ቀን አለፈ! አለቃዬ ጠርሙሱን አንስተው በእጄ የጻፍኩትን ሲያነቡ የነበረው ዝምታቸው እስካሁን አይረሳኝም።

ወደ ጋሼ የላከችኝ የሥራ ባልደረባዬ ናት። ጡረታ የወጡ የሁለተኛ ደረጃ የኬሚስትሪ መምህር ናቸው፤ ስማቸውን በአደባባይ እንዳልጽፍ አስጠንቅቀውኛል።

የመጀመሪያው ቀን ካልኩሌተሬን ተቀብለው መሳቢያ ውስጥ ከተቱት። ያለፈበት ካላንደር ገልብጠው በእርሳስ ሰልፈሪክ አሲድና ፎስፎሪክ አሲድ ብለው ጻፉ። "የሁለቱም ሞላር ማስ 98 ነው። ኢኩቫለንት ማሳቸውስ?" (ሞላር ማስ የአንድ ሞል ክብደት በግራም ነው፤ ኢኩቫለንት ማስ ደግሞ ያ ክብደት በሚሰጠው ወይም በሚቀበለው የሃይድሮጂን ወይም የኤሌክትሮን ብዛት ሲካፈል ነው።) እኔ ሆዬ "98 ለ2፣ 49፤ 98 ለ3፣ 32.7" ብዬ ኮራሁ። ጋሼ ፈገግ አሉ። "ልጄ፣ ፎስፎሪኩ ሦስቱንም ሃይድሮጂን እንደሰጠ ማን ነገረሽ? አንዱን ብቻ ሰጥቶ ከቆመ ያው 98 ነው፤ ሁለት ከሰጠ 49። መጀመሪያ ስንት ሰጠ ብለሽ ጠይቂ፣ ማካፈሉ ይደርሳል።"

ፖታሲየም ፐርማንጋኔትም እንዲሁ ነው። ሞላር ማሱ 158፤ አሲድ ውስጥ 5 ኤሌክትሮን ስለሚቀበል 31.6፣ ገለልተኛ ውስጥ 3 ብቻ ስለሚቀበል 52.7 ይሆናል። ሪአክሽኑን ሳልጽፍ ቁጥር ከጠራሁ እርሳሱን ያስቀምጡና ዝም ብለው ያዩኛል።

የገረመኝ ግን የራሴ ሥራ ነው። የምንጠቀምበትን ቀመር እንድጽፍላቸው አዘዙኝ፦ የአሲዱ ሚሊ ሊትር በኖርማሊቲው፣ ከዚያ በ50,000 ተባዝቶ ለናሙናው ሚሊ ሊትር ይካፈላል። "50,000ው ከየት መጣ?" አሉኝ። ዝም። አራት ዓመት እንደ ዳዊት ስደግመው የኖርኩት ቁጥር! ውጤቱን የምንጽፈው በሊትር ስንት ሚሊ ግራም ካልሲየም ካርቦኔት ብለን ነው፤ የካልሲየም ካርቦኔት ሞላር ማስ 100 ነው፣ ሁለት ሃይድሮጂን ይቀበላል፣ አንድ ኢኩቫለንቱ 50 ግራም፤ በሚሊ ግራም 50,000። በቃ፣ ይኸው ነው። አሁን ጠርሙሶቼ ላይ "0.02 ኖርማል፣ 0.01 ሞላር" ብዬ ሁለቱንም እጽፋለሁ።

ለ11ኛና ለ12ኛ ክፍል ተማሪ፣ ለፋርማሲና ለላቦራቶሪ ተማሪም ይሆናሉ። የፈተና መልስ ብቻ ለሚፈልግ ግን አይሆኑም፤ እቅጩን ልንገራችሁ፣ ቀስ ብለው ነው የሚሄዱት። ቤት ለቤት አይዞሩም፣ እሳቸው ጋ ነው የሚኬደው። አሥር ደቂቃ ካረፈዳችሁ ደግሞ በሩ አይከፈትም፤ ደርሶብኛል።

ጋሼ፣ እግዜር ይስጥልኝ፤ ዕድሜና ጤና ይስጥዎት። ስልካቸውን የምትፈልጉ በውስጥ መስመር ጻፉልኝ፣ አስፈቅጄ እሰጣችኋለሁ።