ለጓሮ አትክልት የውሃ ፓምፕ ሲመርጡ፦ ከላይ የሚቀመጠው፣ ጉድጓድ ውስጥ የሚገባው ወይስ የሶላሩ?

በቡራዩ፣ በሰበታ ወይም በለገጣፎ ዳርቻ ጎመንና ቆስጣ የሚያለማ ሰው፣ ዝናቡ ከቆመበት ከጥቅምት ጀምሮ የመብራት ሂሳቡ ከፍ ሲልበት ፓምፑን ቢጠረጥር አይሳሳትም። ሻጮች አስቀድመው የሚያወሩት ስለ ፈረስ ጉልበት ነው፤ ገዢው ግን አስቀድሞ ሊያውቀው የሚገባው ከጉድጓዱ አፍ እስከ ውሃው ያለውን ርቀት ነው፤ ይህም የሚለካው ውሃው እጅግ በሚያንስበት በበጋው መጨረሻ፣ ጫፉ ላይ ድንጋይ በታሰረበት ገመድ ነው።

ከጉድጓዱ አፍ አጠገብ የሚቀመጠው ፓምፕ ዋጋው ይቀንሳል፣ ለጥገናም ይመቻል። ሆኖም ውሃውን ወደ ላይ የሚያመጣለት የአየር ግፊት ነው። ይህ ግፊት በባሕር ጠለል ላይ ውሃን እስከ 10 ሜትር ገደማ ሊያነሳ ቢችልም፣ ወደ 2,400 ሜትር ከፍታ ባለው የአዲስ አበባ አካባቢ ግን በሩብ ያህል ስለሚያንስ፣ በስሌት እንኳ 8 ሜትር አይሞላም፤ በተግባር ከ6 ሜትር በላይ ባይታመኑበት ይሻላል። እኔ ይህን ሳላውቅ ውሃው 9 ሜትር ላይ ለሚገኝ ጉድጓድ ባለ 1 የፈረስ ጉልበት ገዛሁ። ፓምፑ ያጉረመርማል፣ አካሉ እጅ እስከማያስነካ ይግላል፣ ቆጣሪው ይቆጥራል፤ ከቧንቧው የሚወጣው ግን አየር ብቻ ነበር። ሻጩ ባለ 2 የፈረስ ጉልበት እንድለውጥ መከረኝ፤ ጉልበት ቢጨመር ግን የአየሩ ግፊት አይጨምርም።

ጉድጓድ ውስጥ የሚገባው ፓምፕ ውሃውን ከታች ስለሚገፋ ይህ ገደብ የለበትም፤ ውሃው ከ6 ሜትር በላይ ከጠለቀ ምርጫው እሱ ነው። የሚቀዘቅዘው በዙሪያው ባለው ውሃ ስለሆነ ውሃው ሲያልቅ በራሱ የሚያጠፋ መቆጣጠሪያ አብሮ መገዛት አለበት፤ ደለል እንዳይስብም ከጉድጓዱ ወለል ከፍ ብሎ ይንጠልጠል።

የሁለቱም ፍጆታ ግን ከዓይነታቸው ይልቅ በአጠቃቀማቸው ይለያያል። 0.75 ኪሎዋት የሚወስድ ፓምፕ ተከፍቶ፣ በጎማ መደብ በመደብ እየተዞረ በቀን 2 ሰዓት አትክልቱ ውሃ ቢጠጣ፣ በወር 45 ኪሎዋት ሰዓት ይሆናል። ያው ፓምፕ በደቂቃ 50 ሊትር እየሰጠ ማማ ላይ የተቀመጠ የ2,000 ሊትር ሮቶ በ40 ደቂቃ ሞልቶ ቢጠፋ፣ ውሃውም ከማማው ላይ በራሱ ክብደት ወደ ጠብታ መስኖው ቢወርድ፣ 15 ኪሎዋት ሰዓት ብቻ ይወስዳል። የመኖሪያ ቤት ታሪፍ ፍጆታ በጨመረ ቁጥር በእርከን ስለሚወደድ፣ ጓሮውና ቤቱ በአንድ ቆጣሪ ከሆኑ ይህ ልዩነት ይበልጥ ይሰማል። በእኔ እምነት ገንዘብ ያነሰው ሰው ፓምፑን ከማሳደግ ይልቅ ሮቶውንና ማማውን ቢያስቀድም ይጠቀማል።

የሶላር ፓምፕ ከቆጣሪው ጋር ጉዳይ የለውም፤ ደመናው በሚበዛበት ክረምት ደግሞ አትክልቱ ውሃ አይጠማውም። ፀሐይ ባለበት ሰዓት ሮቶውን ከሞላ ባትሪ አያስፈልገውም። የመነሻ ዋጋው ግን ከሁሉም ይከብዳል፤ በወር 15 ኪሎዋት ሰዓት ለማዳን ሲባል ብቻ ቢገዛ ወጪውን ቶሎ አይመልስም። መስመር ላልደረሰበት ወይም መብራት ለሚመላለስበት ቦታ ግን ተገቢ ነው፤ ሰሌዳዎቹ ጥበቃ እንደሚሹም አይዘነጋ። የቤንዚን ፓምፕ የሚመርጥ ካለ፣ መሳቡ ላይ ያው የከፍታ ገደብ እንዳለበት፣ ሞተሩም በዚህ ከፍታ ሩብ ያህል ጉልበቱን እንደሚያጣ ይወቅ።

ሱቅ ውስጥ በፓምፑ ላይ የተለጠፈውን ጽሑፍ ሲያነቡ፣ ከፍተኛው የውሃ መጠንና ከፍተኛው የመግፊያ ከፍታ በአንድ ጊዜ እንደማይገኙ ያስታውሱ፤ 40 ሜትር የሚል ፓምፕ በ40 ሜትር ላይ የሚሰጠው ውሃ ዜሮ ነው። ስለዚህ ከውሃው ወለል እስከ ሮቶው አናት ያለውን ከፍታ ይንገሩና በዚያ ከፍታ በደቂቃ ስንት ሊትር እንደሚሰጥ ከመግለጫ ወረቀቱ ላይ እንዲያሳዩዎ ይጠይቁ።