ፍልውሃ፦ የእንጦጦ ዝናብ በገንዳ ውስጥ

በአዲስ አበባ መሀል፣ ከብሔራዊ ቤተ መንግሥት ብዙም ሳይርቅ የሚገኘውን የፍልውሃ መታጠቢያ የምመዝነው በውሃው ነው፤ የሕንፃ ውበት የሚፈልግ ሰው ሌላ ቦታ ቢሄድ ይሻለዋል። እቴጌ ጣይቱ ከእንጦጦ ብርድ እየወረዱ ይታጠቡበት የነበረው፣ በ1879 ዓ.ም ለከተማዋ መቆርቆር ምክንያት የሆነውም ይኸው ፍልውሃ ነው። እኔን ይበልጥ የሚገርመኝ ግን ውሃውም የእቴጌይቱን መንገድ መከተሉ ነው፤ በእንጦጦ ከፍታዎች ላይ የዘነበው ዝናብ ወደ ምድር ጥልቀት ሰርጎ፣ እዚያ ሞቆና ማዕድን አሟሙቶ፣ በዓለት ስንጥቅ በኩል እዚህ ታች ይወጣል።

ክፍሎቹ እንደየደረጃቸው ዋጋቸው ይለያያል። ተራዬን ስጠብቅ አጠገቤ የተቀመጡ፣ ጋቢ የደረቡ እናት፣ «ልጄ፣ መጀመሪያ ቀዝቃዛውን ሙላ፤ ሙቁን ኋላ ትጨምርበታለህ» ብለው መከሩኝ። «እሺ እማማ» አልኩና ስገባ ግን የከፈትኩት ሙቁን ነበር። ገንዳው ሞልቶ እግሬን ማስገባት አቅቶኝ፣ ከተሰጠኝ ጊዜ ብዙውን በእንፋሎት ውስጥ ቆሜ ውሃ እስኪበርድ በመጠበቅ አሳለፍኩት።

ከገባሁ በኋላ ግን ቅሬታ የለኝም። ውሃው ሶዳ የበዛበት በመሆኑ ጥቂት ሳሙና በቶሎ አረፋ ይሆናል፤ ቆዳም እንደ ተልባ ውሃ ይሙለጨለጫል። ለመጀመሪያ ጊዜ የሚታጠብ ሰው ሳሙናው ያልለቀቀ መስሎት ደጋግሞ ይለቀለቃል፤ እኔም ሦስት ጊዜ ተለቅልቄ ነው የገባኝ። ስሙን የማልጠራው አንድ የስምጥ ሸለቆ መዝናኛ ውስጥ በ«ፍልውሃ» ስም ለብ ያለ፣ ክሎሪን ክሎሪን የሚሸት ገንዳ ከፍዬ ገብቼ ስለማውቅ፣ ይህን ልዩነት አቅልዬ አላየውም።

ቁርጥማት ያለባቸው ሰዎች እንደሚቀላቸው ይናገራሉ፤ ሙቀት የተያዘ መገጣጠሚያን እንደሚያፍታታ እኔም በወገቤ አይቻለሁ፣ ፈውስ ብዬ ግን አልጽፍም። የደም ግፊት ወይም የልብ ሕመም ያለበትና ነፍሰ ጡር የሆነች ሴት አስቀድመው ሐኪም ቢያማክሩ ይገባል። ጤነኛ የሆነውም ቢሆን ከገንዳው ሲነሳ ግድግዳውን ይዞ፣ ቀስ ብሎ ይነሳ፤ በድንገት ብድግ ብዬ ዓይኔ ጨልሞብኛል።

የምሄደው በማለዳ ነው፤ የራሴን ፎጣና ነጠላ ጫማ እይዛለሁ፣ የምጠጣውንም ውሃ በኮዳ። አሁን ደግሞ ከሁሉ አስቀድሜ የምከፍተው ቀዝቃዛውን ቧንቧ ነው።