የአንዲ ጎልድስወርዚ «የጥበብ መጠለያዎች»፦ ሥራው ግሩም፣ መንገዱ ግን ስንቅና ካርታ የሚፈልግ

በደቡብ ምሥራቅ ፈረንሳይ፣ በኦት-ፕሮቫንስ ተራሮች መካከል ዲኝ-ሌ-ባን የምትባል ከተማ አለች። በዙሪያዋ ያሉት ትንንሽ መንደሮች ከ19ኛው መቶ ዘመን ወዲህ ሰው ሲለቃቸው ጣሪያቸው ወደቀ፣ የበግ መንገዳቸውም በቁጥቋጦ ተዋጠ። እንግሊዛዊው ቀራፂ አንዲ ጎልድስወርዚ እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ ከከተማዋ ጋሳንዲ ሙዚየም ጋር የጀመረው ሥራ እነዚህን ፍርስራሾች በአንድ የእግር መንገድ ያያይዛል። ዙሩ 150 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፤ ሙሉውን ለመጨረስ አሥር ቀን ያህል ይወስዳል።

መጀመሪያ የተሠሩት በቤስ፣ በአስ እና በቫንሶን ሸለቆዎች የቆሙት፣ «ዘበኞች» የሚባሉት ሦስት የድንጋይ ካቦች ናቸው። ቅርጻቸው የእንቁላል ነው፤ ከሥር ጠበብ፣ ከወገቡ ሰፋ፣ ከላይ እንደገና ጠበብ። ያለ ጭቃና ያለ ሲሚንቶ የተካቡ ስለሆኑ ጠጋ ብሎ የሚያይ ሰው የካቢውን ስሌት ያገኘዋል። ከሥር እስከ ወገቡ እያንዳንዱ ረድፍ ከታችኛው ትንሽ ወደ ውጭ ይወጣል። ድንጋዩ ተገልብጦ እንዳይወድቅ የሚይዘው ወደ ውስጥ የገባው ረጅም ጭራውና ከላዩ ያረፈው ክብደት ነው። ከወገቡ በላይ ረድፉ ወደ ውስጥ እየገባ ይዘጋል። መጋጠሚያዎቹ አንዱ በሌላው ላይ ቀጥ ብለው ከመጡ ካቡ እዚያው ይሰነጠቃል፤ ስለዚህ የላይኛው ድንጋይ ሁልጊዜ የታችኞቹን ሁለት መጋጠሚያ መሸፈን አለበት። ዝናብ ብዙ አይጎዳውም፣ ውሃው በየክፍተቱ ይወርዳልና። ላዩ ላይ ወጥቶ ፎቶ የሚነሳ ወይም አንዲት ጠፍጣፋ ድንጋይ መዝዞ የሚወስድ ጎብኚ ግን ወገቡን ሊንደው ይችላል። የቤሱ ዘብ ከመኪና መንገድ ብዙ ስለማይርቅ ለዚህ ዓይነቱ ጥፋት የተጋለጠ ነው።

እንደ እኛ ግምት ግን የፕሮጀክቱ ምርጥ ክፍል ዘበኞቹ ሳይሆኑ መጠለያዎቹ ናቸው። የወደቀ የገበሬ ቤት ወይም ጸሎት ቤት ተመርጦ ግድግዳው ይጠገናል፣ ጣሪያ ይለብሳል፣ የጥበብ ሥራውም ከቤቱ አካል ጋር ተዋህዶ ውስጡ ይሠራል። ሥራውን ለማየት የግድ ደጃፉን አልፎ መግባት ያስፈልጋል፤ በአንዳንዶቹ ደግሞ ማደር ይቻላል። ከቤስ ሸለቆ በላይ ባለው በፈረሰው መንደር በቪዬይ ኤስክላንጎን፣ ቀይ አፈር በተለሰነው ግድግዳ ላይ እንደ እባብ የተጠማዘዘ መስመር ጎልቶ ይሄዳል። መስመሩን የሚያወጣው ጥላ ስለሆነ የእጅ ባትሪ ከጎን አብሩበት፤ ፊት ለፊት ካበራችሁበት ግድግዳው ጠፍጣፋ መስሎ ይታያል። በእጅ አትዳስሱት፣ ልስኑ ይረግፋል። ከዚያው አካባቢ ቁልቁል ሲታይ ጂኦሎጂስቶች «ቬሎድሮም» የሚሉት የተጣጠፈ የድንጋይ ንብርብር አለ። ለእሱም ቢያንስ ግማሽ ሰዓት መያዝ አያስቆጭም።

ከመውጣታችሁ በፊት ሙዚየሙን እዩ። እዚያ ያለው «የአፈር ወንዝ» አንድ ሙሉ ግድግዳ የሸፈነ ጭቃ ነው። ጭቃው ውስጥ ከከተማዋ ፀጉር ቤቶች የተሰበሰበ የሰው ፀጉር አለበት፤ ጭድ በምርጊት ውስጥ የሚሠራውን ሥራ ይሠራል። በላዩ እንደ ወንዝ የሚጠማዘዘው መስመር በቀለም አልተሳለም። ጭቃው እኩል ውፍረት ስለሌለው ሲደርቅ አሰነጣጠቁም ይለያያል፤ ወንዙ የሚነበበው ከዚያ ልዩነት ነው። ይህን አይቶ የወጣ ሰው ተራራ ላይ ያሉትን መስመሮች በሌላ ዓይን ያያቸዋል።

አገልግሎቱ ላይ ስንመጣ ውጤቱ ዝቅ ይላል። መንገዱ ነባር የእግር መንገዶችን እየተከተለ ስለሚሄድ ምልክቱ አንዴ ነጭና ቀይ፣ አንዴ ቢጫ ይሆናል፤ መገንጠያ ላይ ቀለም ብቻ አምኖ የሄደ ሰው ሌላ ሸለቆ ውስጥ ይገባል። መጠነ ልኬቱ 1፡25,000 የሆነ (1 ሴንቲ ሜትር 250 ሜትርን የሚወክልበት) የወረቀት ካርታ ያዙ፤ ጠባብ ሸለቆ ውስጥ ስልክ ላይ መተማመን አይቻልም። ማደሪያ በሚሆኑት መጠለያዎች የሆቴል ነገር አትጠብቁ፦ ስሊፒንግ ባግ፣ ምግብ፣ የጋዝ ምድጃ፣ መብራትና የቆሻሻ ከረጢት ከራስ ነው። የትኛው ክፍት እንደሆነ፣ የትኛው ቁልፍና ቦታ ማስያዝ እንደሚፈልግ ዲኝ ሳላችሁ ጠይቁ። በሞቃቱ ወቅት ለአንድ ሰው በቀን 3 ሊትር ውሃ አስሉ፤ ካርታ ላይ የተሳለው ጅረት በዚያ ወቅት ደረቅ ድንጋይ ሊሆን ይችላል።

ፌርም ብሎን የተባለው መጠለያ በሚገኝበት ድሬ በምትባለው መንደር በኩል መሬቱ ጥቁር ማርል፣ ማለትም ሸክላና ኖራ የተቀላቀለበት ለስላሳ ድንጋይ ነው። ሲደርቅ ከጫማ ሥር እየተፈረፈረ ያንሸራትታል፣ ሲዘንብ ደግሞ እንደ ሙጫ ይጣበቃል፤ ከዝናብ በኋላ ቁልቁለቱን ለማግሥት መተው ይሻላል። በደረቅ ወራት በእሳት አደጋ ምክንያት ደን ውስጥ እንቅስቃሴ ሊገደብ ስለሚችል በየዕለቱ ማጣራት ነው። የበግ መንጋ ካጋጠማችሁ ደግሞ ነጫጮቹ ጠባቂ ውሾች፣ ፓቱ የሚሏቸው፣ መጥተው ያሸቷችኋል። ቁሙ፣ በትር አታንሱ፣ ከዚያ መንጋውን ራቅ ብላችሁ ዙሩት። ድንጋይ ውስጥ አሞናይት (ወደ ድንጋይ የተለወጠ የጥንት ባሕር እንስሳ ቅርፊት) ብታዩም አትንኩ፤ አካባቢው በሕግ የተጠበቀ የጂኦሎጂ ክልል ነው።

ፕሮጀክቱ አካባቢውን አነቃው ወይ? ቤተሰቦች ወደ ቪዬይ ኤስክላንጎን ተመልሰው አልሰፈሩም፣ በጥበብ ሥራ ብቻ ይሰፍራሉ ብሎ መጠበቅም የዋህነት ነው። ነገር ግን ጣሪያ የለበሰ ቤት አይፈርስም፣ ሰው የሚሄድበት መንገድም አይዘጋም፤ አሥር ቀን የሚሄድ መንገደኛ ደግሞ በየመንደሩ ዳቦና አልጋ ይገዛል። በእኛ ሚዛን ይህ ትልቅ ሐውልት አደባባይ ላይ ከማቆም በብዙ ይበልጣል።

ሙሉውን ዙር የምንመክረው ከባድ ሻንጣ ተሸክሞ መሄድ ለለመደ ሰው ነው። ለሌላው ሦስት ወይም አራት ቀን ይበቃል፤ ግንቦት፣ ሰኔና መስከረም ይመረጣሉ። ከኒስ ዲኝ ድረስ 151 ኪሎ ሜትር የሚሄደው ጠባብ ሐዲድ ባቡር ከሦስት ሰዓት በላይ ይፈጃል፤ በጥገና ምክንያት ከፊሉ በአውቶቡስ ሊተካ ስለሚችል አስቀድሞ መጠየቅ ነው። አንድ ቀን ብቻ ያለው ሰው በቶአር መንደር በኩል ወደ ሰንት-ማድሌን ጸሎት ቤት ይውጣ። በሐምሌና በነሐሴ ከሰዓት በኋላ ነጎድጓድ ስለሚበዛ ጠዋት ተነሥቶ ከቀትር በፊት ቢመለስ ይሻላል።