ኪዮቶን በእግር መጎብኘት፦ ከግል አስጎብኚ ጋር ወይስ ለብቻ?

ከ794 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ከአንድ ሺህ ዓመት በላይ የጃፓን ንጉሠ ነገሥት መቀመጫ የነበረችውን ኪዮቶን በእግሩ ለማየት የሚነሣ ሰው፣ የግል አስጎብኚ ይቀጥራል ወይም ካርታ ይዞ ብቻውን ይሄዳል።

ልዩነቱ በኒጆ ቤተ መንግሥት ጎልቶ ይታያል። ብቻውን የገባ ጎብኚ ከእርምጃው ሥር እንደ ወፍ የሚንጫጫውን የእንጨት ወለልና በወርቅ ቅብ ላይ የተሳሉትን ነብሮች አድንቆ ያልፋል፤ ዐዋቂ አስጎብኚ የያዘው ግን እንግዶች እንደየማዕረጋቸው እስከ የትኛው ክፍል ይገቡ እንደነበር፣ የመጨረሻው ሾጉን (አገሩን በተግባር ይገዛ የነበረ የጦር መሪ) ቶኩጋዋ ዮሺኖቡም በ1867 ሥልጣኑን ለንጉሠ ነገሥቱ የመመለስ ሐሳቡን በዚያው እንዳሳወቀ እየሰማ ስለሚሄድ፣ ባዶ የሚመስሉት ክፍሎች ትርጉም ያገኛሉ። ጌይሻ በሚባሉት ባህላዊ የኪነ ጥበብ ሴቶች በሚታወቀው በጊዮን ሰፈርም ከ2024 ወዲህ ለጎብኚ የተከለከሉ የግል መተላለፊያዎች ስላሉ፣ የማይገባበትን የሚያውቅ ሰው አብሮ መኖሩ ለነዋሪዎቹ ክብር ይበጃል።

ሪዮአንጂ በተባለው የዜን ቡድሂዝም ቤተ መቅደስ፣ በጠጠር ላይ ድንጋዮች በተደረደሩበት የአትክልት ስፍራ ግን ብቻ መሆንን አጥብቄ እመርጣለሁ። ከ15ቱ ድንጋዮች፣ በረንዳው ላይ ከየትም ተቀምጠው ቢያዩ፣ ቢያንስ አንዱ ይሰወራል፤ ይህን ለማጣጣም የሚያስፈልገው ጊዜና ዝምታ እንጂ ማብራሪያ አይደለም። ተራራ ላይ የተዘረጋው የሺንቶ ሃይማኖት መቅደስ ፉሺሚ ኢናሪም ቀንና ሌሊት ክፍት ስለሆነ፣ ጎሕ ሲቀድ ለብቻ ሊወጣ ይችላል።

የግል አስጎብኚ ክፍያ ብዙ ጊዜ በቡድን ስለሚሰላ ለቤተሰብ ይቀላል፣ ለብቸኛ መንገደኛ ይከብዳል። ከ2018 ጀምሮ ያለ መንግሥት ፈቃድ በክፍያ ማስጎብኘት ስለተፈቀደ፣ ቀጣሪው አስጎብኚው ብሔራዊውን የአስጎብኚነት ፈተና ማለፉን አስቀድሞ መጠየቅ ይኖርበታል።