ሉስትሮን ወይስ የሌቪት ቤት? ከጦርነቱ ማግስት የተሠሩ ሁለት የአሜሪካ ቤቶች

አሜሪካ ውስጥ ትንሽ አሮጌ ቤት ለመግዛት ስታፈላልጉ ሁለቱም ሊያጋጥሟችሁ ይችላሉ። ሁለቱም የተሠሩት ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት የተመለሰው ወታደር መኖሪያ ባጣበት ሰዓት ነው። ጠባያቸው ግን ለየቅል ነው።

ሉስትሮን ተገጣጣሚ ቤት ነው፤ ያውም የብረት። ኮሎምበስ፣ ኦሃዮ የነበረው ፋብሪካ እ.ኤ.አ. እስከ 1950 ድረስ 2,500 ያህል ሠርቷል። ግድግዳው፣ ኮርኒሱ፣ ጣሪያው፣ ቁም ሳጥኑ ሳይቀር ልክ እንደ እናቶቻችን ትሪ ኢናሜል የለበሰ ብረት ነው። ቀለም ቅቡኝ አይልም፣ ምስጥም አይደፍረውም። ሲቆሽሽ በእርጥብ ጨርቅ ወልወል ማድረግ ነው። ችግሩ ምስማር አይመታበትም፤ ፎቶ የሚሰቀለው በማግኔት ነው። ኢናሜሉ ከተላጠ ዝገት ይገባል። መለዋወጫ የሚገኘው ደግሞ ከፈረሰ ሌላ ሉስትሮን ነው። ማሞቂያው ኮርኒስ ላይ ስለሆነ በብርድ ጊዜ አናት ሞቆ እግር ይቀዘቅዛል።

ታዲያ ይህን የመሰለ ቤት ለምን ከሰረ? ብረቱ አይደለም የጣለው፣ ገንዘቡ ነው። ባንኮች ብድር የሚለቁት ግንባታው እየታየ፣ በየደረጃው ነበር። ሉስትሮን ግን ሙሉ ቤት በአንድ መኪና ተጭኖ ስለሚመጣ ክፍያውም በአንድ ጊዜ ነው። 7,000 ዶላር ገደማ ይሸጣል የተባለው ቤት ከ10,000 አለፈ። ከ30 ሚሊዮን ዶላር በላይ ያበደረው መንግሥት በ1950 ፋብሪካውን ወረሰው።

ቤት ገንቢው ሌቪት ግን ብልጥ ነበር። ኒው ዮርክ አጠገብ ሎንግ አይላንድ ላይ ከ1947 ጀምሮ ከ17,000 በላይ ቤቶች ሠራ። እንጨቱ ተቆርጦ ይመጣል፤ እያንዳንዱ ቡድን አንዷን ሥራ ብቻ ይዞ ከቤት ቤት ይዞራል። የመጀመሪያዎቹ 70 ካሬ ሜትር ገደማ፣ ሁለት መኝታ ነበሩ፤ ጣሪያው ሥር ገና ያልተሠራ ቦታ ነበራቸው። እንጨት ስለሆነ ማንኛውም አናጺ ይጠግነዋል፣ ያሰፋዋል። ወለሉ ውስጥ የተቀበረውን የማሞቂያ ቱቦ ግን አስመርምሩ፤ ያፈስሳል። (የመጀመሪያው ውል ነጭ ያልሆነ ሰው እንዳይኖርበት ይከለክል ነበር። ዛሬ ውድቅ ነው፤ ቢሆንም ማወቁ አይከፋም።)

ልጅ የምትጠብቁ ወይም እናታችሁን ከአዲስ አበባ ልታመጡ የምታስቡ ከሆነ ያለጥርጥር የሌቪትን ውሰዱ፤ ሎንግ አይላንድ ውድ ቢሆንም። ሁለት ሆናችሁ፣ ማስፋት የማያምራችሁ፣ የቀለም ጣጣ የሰለቻችሁ ከሆነ ሉስትሮን ይስማማችኋል። ብቻ ቀብድ ከመክፈላችሁ በፊት ሻጩ ጋራዥ ውስጥ ትርፍ የግድግዳ ብረት እንዳለው ጠይቁት።