የቡዲዝም ጸሐፍትና ሊቃውንት፦ የ12 ክፍል የድምፅ ኮርስ

የምተዳደረው በትርጉም ሥራ ነው፤ ቀኑን ሙሉ ከውልና ከመመሪያ ጋር ስታገል እውላለሁ። ይህን የድምፅ ኮርስ የገዛሁትም መግለጫው ላይ «ተርጓሚዎቹ» የሚል ርዕስ አይቼ ነው።

ሦስተኛው ክፍል ብቻውን ገንዘቡ ይገባዋል። የቡዲዝምን መጻሕፍት ከሳንስክሪት፣ ከጥንቱ የህንድ ቋንቋ፣ ወደ ቻይንኛ ስለተረጎመው መነኩሴ ስለ ኩማራጂቫ ነው። በጦር አለቃ ተማርኮ ለዓመታት ከቆየ በኋላ እ.ኤ.አ. በ401 ወደ ጥንታዊቷ የቻይና ከተማ ቻንግአን ገባ። መምህሩ ትርጉሙ እንዴት ይሠራ እንደነበር ቀስ ብሎ ያሳያል፦ ኩማራጂቫ መጽሐፉን ይዞ በቻይንኛ እያፍታታ ይናገራል፣ መነኮሳቱ ይጠይቃሉ፣ ይከራከራሉ፣ ጸሐፊው ይጽፋል። ከዚያ ያች ንግግሩ ትመጣለች። የሳንስክሪትን ጽሑፍ ወደ ቻይንኛ መመለስ ምግብ አኝኮ ሌላ ሰው እንደ ማጉረስ ነው፤ ጣዕሙ መጥፋቱ ሳያንስ ያስመልሳል ይላል። እዚህ ላይ ስደርስ ሥራዬን አቁሜ ሦስት ጊዜ መልሼ አዳመጥኳት። ይህን ያለው ሰው የተረጎመው እኮ ዛሬም በምሥራቅ እስያ ገዳማት ይነበባል!

ቻይናዊው መነኩሴ ሹዋንዛንግ ደግሞ ሌላ ዓይነት ሰው ነው። በ645 ከህንድ 657 ጽሑፎች ይዞ ተመለሰ፤ በ664 እስኪሞት ድረስም ከ70 በላይ ሥራዎች ተረጎመ። «ፕራጅኛ»ን «ጥበብ» ብሎ መተርጎም ቃሉን ያቀለዋል ብሎ ድምፁን ብቻ በቻይንኛ ጽፎ እንደተወው ይነገርለታል። እኔ ቃል ሳልተረጉም ማለፍን እንደ ስንፍና ነበር የምቆጥረው። ከዚህ ክፍል ወዲህ ግን ሁለት ቃላት እንዳሉ ትቼ አስረክቤያለሁ።

የህንዱ ፈላስፋ ናጋርጁና ሁለት ክፍል ተሰጥቶታል፤ ከባድ ነው፣ ረጋ ብላችሁ ስሙት። ምንም ነገር በራሱ የቆመ አይደለም፣ ባዶነትም ራሱ ባዶ ነው የሚለውን ሐሳብ መምህሩ ሳይቸኩል ያስረዳዋል። ሊቁ ቡድሃጎሳ በ5ኛው ክፍለ ዘመን ስሪላንካ ላይ በአገሬው ቋንቋ በሲንሃላ የነበረውን አንድምታ ወደ ፓሊ፣ ወደ ጥንቱ የቡዲዝም መጻሕፍት ቋንቋ፣ መመለሱ፣ የጃፓኑ መነኩሴ ዶገንም ሊቃውንቱ በቻይንኛ ሲጽፉ እሱ በጃፓንኛ መጻፉ ጥሩ ተነግሯል። የቲቤቱ ጾንካፓ ግን በጥድፊያ አልፏል።

ያሳዘነኝ የጥንቶቹ የቡዲዝም ሴት መነኮሳት ነገር ነው። ቴሪጋታ የሚባለው የፓሊ ስብስብ የእነዚያን ሴቶች 73 ግጥሞች የያዘ ሆኖ ሳለ፣ የተሰጠው ጊዜ ከመጨረሻው ክፍል አሥር ደቂቃ ብቻ ነው። ከእነርሱ አንዷ አምባፓሊ በወጣትነቷ እንደ ንብ የጠቆረው ጸጉሯ በእርጅና እንደ ቃጫ መሆኑን ከላይ እስከ ታች ሰውነቷን እየቆጠረች የምትናገርበት ግጥም ተነክቶ ታለፈ። እንዴት ሙሉውን አያነቡልንም?

አብሮ የሚመጣው ጽሑፍም እርማት ይፈልጋል። አንዱ ስም በሦስት ዓይነት ስለተጻፈ ፍለጋው አያገኘውም።

ከአምስት አራት ሰጥቼዋለሁ። ትርጉም የሚሠራ ሰው ከሦስተኛው ክፍል ይጀምር፣ ከዚያ ወደ መጀመሪያው ይመለስ። እኔ ቴሪጋታን ራሴ አፈላልጌ ማንበብ ጀምሬያለሁ፤ አሁን ሃያኛው ግጥም ላይ ነኝ።