ለጓደኛዬ ስለቆሙላት ጠበቃ

አንዲት ጠበቃ ልጠቁማችሁ። ፈቃዳቸውን ስላልጠየቅሁ ስማቸውን እዚህ አላወጣም። የቸገረው ኢንቦክስ ያድርገኝ፣ ስልካቸውን እሰጣለሁ።

ጓደኛዬ አካለ መጠን ከደረሰች የቆየች፣ ሠርታ የምታድር ሴት ናት። የመረጠችውን ሰው ግን ቤተሰቧ አልወደደውም። ስልኳን ቀሟትና ከቤት እንዳትወጣ ከለከሏት። ልጠይቃት ስሄድ «አሟት ተኝታለች» ተብዬ ከበር ተመለስኩ። ማታ በታናሽ እህቷ ስልክ «አስወጡኝ» የሚል መልእክት ላከችልኝ። ያመለከትኩበት ሁሉ «የቤተሰብ ጉዳይ ነው፣ በሽማግሌ ጨርሱት» ይለኛል።

ጠበቃዋ ሁሉንም አዳምጠው መጀመሪያ የጠየቁኝ ዕድሜዋን ነው። ከዚያ አካልን ነፃ ስለማውጣት አቤቱታ፣ ማለትም ስለ ሀቢየስ ኮርፐስ አስረዱኝ። ብዙ ሰው ይሄ ፖሊስ ለያዘው እስረኛ ብቻ ይመስለዋል። በብዙ አገር ግን ያለ ሕግ የያዘው አባትም ቢሆን ይጠራበታል። ፍርድ ቤቱ «ይዘሃት ቅረብ፣ በምን ሥልጣን እንደያዝካትም አስረዳ» ይለዋል። የተያዘው ሰው ራሱ ማመልከት ካልቻለ ሌላ ሰው ያመለክትለታል። እኔም አመለከትኩላት።

ፍቅረኛዋ ደብዳቤና ፎቶ በፎልደር ሙሉ ተሸክሞ መጣ። ጠበቃዋ ሳይከፍቱት መለሱለት። «ልጄ፣ ይሄ አቤቱታ እሷን ላንተ ማስረከቢያ አይደለም» አሉት። ቅር አለው፤ እኔ ግን እዚህ ጋ ነው የወደድኳቸው። የጻፉት አቤቱታ አጭር ነው። ማን እንደያዛት፣ የት እንዳለች፣ ከመቼ ጀምሮ እንደሆነ፣ እኔ በምን እንዳወቅሁ ይላል። ያቺ መልእክትም ተያይዛለች። ስለ ፍቅራቸው አንድ መስመር የለውም።

ለምን እንዲህ እንደሚጠነቀቁ ስጠይቃቸው የህንዷን የሃዲያን ጉዳይ ነገሩኝ። ሃዲያ የሆሚዮፓቲ፣ ማለትም የአማራጭ ሕክምና ተማሪ ነበረች። ሃይማኖቷን ቀየረች። አባቷ ይህንኑ አቤቱታ ይዘው ሄዱ፤ ጉዳዩ ገና ሳያልቅ የመረጠችውን አገባች። የኬረላ፣ የህንድ አንዷ ግዛት፣ ከፍተኛ ፍርድ ቤትም እ.ኤ.አ. በ2017 ጋብቻውን አፍርሶ ለወላጆቿ አስረከባት። አስቡት፣ ሰው ማስፈቻው መያዣ ሆነ! በ2018 የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ያን ውሳኔ ሻረው። በ2024 ደግሞ እዚያው ጠቅላይ ፍርድ ቤት ለእንዲህ ዓይነት ጉዳዮች መመሪያ አወጣ። ዳኛው ተያዘ የተባለውን ሰው ቤተሰብ በሌለበት ለብቻው ያነጋግረው፣ በምክር ስም ሐሳቡን ለማስቀየር አይሞክር ይላል።

የኛዋም ጠበቃ የለመኑት ይህንኑ ነው። ቤተሰቧ ችሎቱን ሞልተውታል። ዳኛዋ «ስምሽ ማነው?» ሲሏት አጎቷ ቀድመው መለሱ። ጠበቃዋ ተነሥተው «ክብርት ዳኛ፣ እባክዎ ለብቻዋ ይጠይቁልኝ» አሉ፤ ሌላ አልጨመሩም። ዳኛዋ ወደ ቢሮ ይዘዋት ገቡ። ሲመለሱ ጓደኛዬ ወደፈለገችበት መሄድ እንደምትችል አዘዙ፣ መታወቂያዋና ልብሷም እንዲሰጣት። የሄደችው የሥራ ባልደረባዋ ዘንድ ነው። ከፍቅረኛዋ ጋር ምን እንደወሰነች የራሷ ጉዳይ ነው፤ አትጠይቁኝ።

አንድ ነገር ልንገራችሁ። ጠበቃዋ ገንዘብ ሳይቀበሉ በፊት «ለብቻዋ ተጠይቃ ቤት መቅረት እፈልጋለሁ ካለች ጉዳዩ እዚያው ያበቃል፣ ይግባኝ በይልኝ እንዳትይኝ» ብለውኛል። ልጅቷ አካለ መጠን ያልደረሰች ብትሆን ኖሮም ነገሩ ሌላ እንደሚሆን አልደበቁኝም። ጉራ የለ፣ «በእርግጠኝነት እናሸንፋለን» የለ።

እንከን አውጪ ካላችሁኝ ስልክ አያነሱም። ቴክስት አድርጉላቸው፤ የተያዘውን ሰው ዕድሜና ያለበትን ቦታ መጀመሪያ ጻፉ። ለሱ በሌሊትም ይመልሳሉ።